ማስተካከያ፦ ፍሎረንስ ሎረንስ በ1910 አልሞተችም

ስለ ድምፅ አልባው ፊልም ዘመን ተዋናይት ፍሎረንስ ሎረንስ ሰሞኑን በተሰራጨው አጭር የሕይወት ታሪክ ላይ እርማት ያስፈልጋል። ዓመቶቹ በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ጽሑፉ «በ1910 በሴንት ሉዊስ ትራም ገጭቷት ሞተች» ይላል። ሐሰት ነው፤ ያረፈችው በታኅሣሥ 1938 ነው። ደግሞም ተራ ስህተት አይደለም። ባዮግራፍ የተባለው ፊልም ሠሪ ኩባንያ የተዋናዮቹን ስም ስለማይገልጽ፣ ተመልካቹ «የባዮግራፏ ልጅ» እያለ በመልኳ ብቻ ነበር የሚያውቃት። ተቀናቃኙ ፊልም ሠሪ ካርል ሌምሊ ወደ ራሱ ኩባንያ ካመጣት በኋላ የሞቷ ወሬ ተነዛ። እርሱም ፎቶግራፏን አስደግፎ፣ በሕይወት እንዳለች የሚገልጽና ውሸቱን በተቀናቃኞቹ የሚያላክክ ማስታወቂያ አወጣ። በርካታ የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች ግን ወሬውን የነዛው ራሱ ሌምሊ ነው ባይ ናቸው። ቤት አቃጥሎ «እሳት! እሳት!» እንደሚል ሰው መሆኑ ነው። ስሟ የታወቀው ግን በዚህ ነው።

የልደት ዘመኗም 1890 ሳይሆን 1886 ነው፤ የተወለደችው በካናዳዋ ሃሚልተን ነው። በዚህኛው ጸሐፊውን አልወቅስም፤ በ1991 መቃብሯ ላይ የቆመው ድንጋይ ራሱ 1890 ይላል።

የመኪና መስታወት የዝናብ መጥረጊያ ፈለሰፈች የተባለውም መታረም አለበት። በ1917 በኤሌክትሪክ ለሚሠራ መጥረጊያ የፈጠራ መብት ያስመዘገቡት እናቷ ሻርሎት ብሪጅዉድ ናቸው። የፍሎረንስ ፈጠራ የፍሬቻ ቀዳሚ ነበር፦ ቁልፍ ሲጫን ከመኪናው ኋላ ምልክት ይነሣል፤ ፍሬን ሲያዝ ደግሞ «ቁም» የሚል ሰሌዳ ብቅ ይላል። ይህን ግን አላስመዘገበችውም።