63ኛው ቀን

ጥያቄው ይህ ነው፦ በመሬት ክርክር የተረታ ሰው የይግባኝ ቀኑ ካለፈበት በሩ ሊዘጋበት ይገባል? ጠበቃዋ «አይገባም» ትላለች። ብዙ ዓመት መዝገብ ቤት የሠሩት ጋሼ «ይገባል» ባይ ናቸው። ተራ በተራ ጽፈዋል።

ጠበቃዋ

አንድ ባለጉዳይ ልንገራችሁ። ገበሬ ናቸው። የይዞታ ደብተራቸውን በፌስታል ጠቅልለው፣ ፌስታሉን በጋቢያቸው ጫፍ ቋጥረው መጡ። በወሰን ተካሰው ተረትተዋል። ፍርዱ ሲነበብ ችሎት ነበሩ፤ የገባቸው ግን መሸነፋቸው ብቻ ነው። የፍርዱን ግልባጭ ፍለጋ ተመላለሱ። ዛሬ መብራት የለም፣ ነገ የሚጽፈው ልጅ ወጥቷል። እኔ ዘንድ ሲደርሱ 63ኛው ቀን ሆኗል።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ ቁጥር 323፣ ይግባኝ በ60 ቀን ውስጥ ይቅረብ ይላል። ቆጠራው የሚጀምረው ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ነው። ያለ ግልባጭ ደግሞ ይግባኝ የለም። እንግዲህ ቀኑን የሚያስቆጥረው ፍርድ ቤት፣ ወረቀቱን የያዘውም ፍርድ ቤት። ዕዳው የገበሬው።

ጋሼ

ልጄ፣ ስለ ተረቺው ጻፍሽ። የረቺዋንስ ነገር?

እኔ የማስታውሳት ባሏ የሞተባት ሴት ናት። አማቿ መሬቷን ይዞባት ከስሳ ረታች። በየሳምንቱ ገበያ ስትወጣ በመስኮት ብቅ ትላለች። «ይግባኝ ተባለ?» «አልተባለም።» 60ው ቀን ሞላ፣ ፍርዱ ይፈጸምልኝ ብላ የአፈጻጸም መዝገብ ከፈተች፣ መሬቱን ተረከበች። በሬ ተከራይታ አሳረሰች፣ ዘራች። ቡቃያው ጉልበት ሲደርስ ሰውየው የሐኪም ወረቀት ይዞ ከች! እግድም ጠየቀ። የሐኪም ወረቀት ስንት ዓይነት አየሁ መሰለሽ፤ ፍርዱ በተነበበ ማግስት የሚጀምር ወገብ ሕመም አለ።

ቀነ ገደብ ለእንዲህ ያለችው ነው የቆመው። ገንዘብ ያለው ሰው ቀን አያልፍበትም፤ ካለፈበትም ጠበቃ ይገዛል። ያንቺም ገበሬ ቢሆኑ በሩ ሙሉ በሙሉ አልተዘጋባቸውም። ከቁጥር 324 እስከ 326 ምን ይላል? በቂ ምክንያት ያለው፣ ቀኑ ያለፈበትን ይግባኝ ለማቅረብ ማስፈቀጃ ያቅርብ። ግልባጩ በፍርድ ቤቱ ጥፋት ከዘገየ ቀኑ መዝገቡ ላይ ይታያል።

ጠበቃዋ

አቅርበናል፣ ቀጠሮ ላይ ነን። ግን ያው ቁጥር 326 የወኪል ወይም የጠበቃ ጥፋት በቂ ምክንያት አይሆንም ይላል። ጠበቃው ተኛ፣ መሬቱ የደንበኛው ሄደ። እኔ ራሴ ጠበቃ ሆኜ ይህን ማለት ያሳፍራል፣ ግን እውነት ነው።

ደግሞ ጋሼ፣ እርስዎ የሚያውቁትን አንድ ነገር ላንሳ። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የካሳ አዋጅ፣ ቁጥር 1161፣ ለሕዝብ ጥቅም ሲባል የሚነሳው ባለይዞታ በ30 ቀን ውስጥ አቤት እንዲል አዘዘ። ቀኑ አጭር ነው፣ አልወደውም። ቢሆንም ቆጠራው የመነሻ ትዕዛዙ ከደረሰው ጀምሮ ነው። እዚያ «እስኪደርሰው» የተባለለት ሰው፣ እዚህ ሳይደርሰው ለምን ይቆጠርበታል?

ጋሼ

ይቺ ጥሩ ጥያቄ ናት፤ አልክድም። ነገር ግን ከደረሰው ይቆጠር ካልሽ፣ ግልባጩን ሆን ብሎ የማይወስደው ይበዛል። ዓመት ሙሉ መደርደሪያ ላይ አቧራ የጠጣ ግልባጭ አውቃለሁ።

ጠበቃዋ

ፍርድ ቤቱ ራሱ ያድርሰው፣ ያስፈርመው።

ጋሼ

በማን እግር? ቀበሌው የአንድ ቀን መንገድ የሆነ ሰው ስንት ነው። መጥሪያ እንኳ በወጉ አይደርስም፣ እንኳን ግልባጭ።

እኔ የማደርገው ሌላ ነበር። ለግልባጭ የከፈሉበት ደረሰኝ ጀርባ ላይ የመጨረሻዋን ቀን በእርሳስ እጽፍላቸው ነበር። ማንበብ የማይችል ለልጁ ያስነብበው ብዬ። ማንም አላዘዘኝም።

ጠበቃዋ

የገበሬው ደረሰኝ ፊቴ ነው፣ ጋሼ። አሁን ገለበጥኩት። ጀርባው ባዶ ነው።