ፈረንጅ የረሳው ቃል ኮዬ ፈጬ ሲገኝ

እንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ውስጥ አቧራ የጠጡ ቃላት አሉ። ባለቤቶቹም ትርጉማቸውን ቢጠየቁ ግራ ይጋባሉ። ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ግን ሁሉም ሥራ ላይ ናቸው፤ በስማቸው የሚጠራቸው ጠፍቶ እንጂ።

«ላኛፕ» ሉዊዚያና ውስጥ ባለሱቅ ለገዢው በነጻ ጣል የሚያደርጋት ትንሽ ነገር ናት። ቃሉ ከደቡብ አሜሪካው ኬቹዋ ተነሥቶ፣ በስፓኒሽ አድርጎ ኒው ኦርሊንስ ገባ። ይህን ሁሉ አገር ከሚዞር ጉልት ብቅ ቢል ኖሮ «ምርቃት» ተብሎ ያልቅለት ነበር። ዋናው ሰዓቱ ነው። ሽንኩርቱ ሳይመዘን ምርቃት የጠየቀ፣ ምርቃቱ ከገዛ ኪሎው ተቀንሶ ይሰጠዋል። ይመዘን፣ ይከፈል፤ ፌስታሉ ሳይቋጠር «እንዴ፣ አትመርቂም?» ይባላል። ሁለት ቃሪያ ጣል ትደረጋለች። ሦስተኛ የጠየቀ ደንበኝነቱን አበላሸ።

«ግሮክ» የስኮቶች ነው፤ ይሰጡኛል ብሎ በሚበላ ሰው ላይ ማፍጠጥ። የኛ ቀላዋጭ ዓይኑን አያደክምም። በር ላይ «እንደምን ዋላችሁ» ካለ «እንብላ» የግድ ይከተላል። የሚያበላሸው ችኮላ ነው፤ በመጀመሪያው «እንብላ» የተቀመጠ ሰው ስሙ ከብሎክ ብሎክ ይዞራል። መጀመሪያ «አሁን በላሁ»፣ ቀጥሎ «ኧረ ጠግቤያለሁ»፣ «በሞቴ» ሲመጣ እጅ መታጠብ።

«ቦርቦሪግመስ» የሆድ ጩኸት ነው። ባዶ አንጀት ከ90 እስከ 120 ደቂቃ ገደማ እየቆየ ራሱን ይጠርጋል፤ አየሩና ፈሳሹ ሲገፋ ድምፁን የሚያፍን ምግብ ስለሌለ ይጮኻል። የታክሲ ሰልፉ ተደምሮ መሀል ከተማ እስኪደረስ አንድ ዙር አይቀርም። በጾም ወራት ሚኒባሱ ሙሉ ዘማሪ ነው።

«ጎንጉዝለር» እንግሊዝ አገር ቦይ ዳር ቆሞ ጀልባ ሲያልፍ የሚያይ ሥራ ፈት ነው። እኛ ጋ ጀልባ የለም፣ ስካቫተር አለ። የውኃ ቱቦ ሊቀበር ሲቆፈር እጁን ወደኋላ አጣምሮ ያያል። «ኧረ ወደ ግራ!» ያለ ለት ግን ስሙ ይቀየራል፦ «አልትራክሬፒዴሪያን»፣ በማያውቀው ገብቶ የሚፈተፍት። መነሻው ጫማ ሰፊ ነው። የግሪኩ ሠዓሊ አፔሌስ፣ ጫማ ሰፊው በሥዕሉ ላይ ያለውን ጫማ ሲያርመው ተቀበለ፤ ሰውየው ወደ እግሩ ከፍ ሲል «ከጫማው አትለፍ» አለው ይባላል።

ይህችን በምርቃት፦ «አግሊት»። የጫማ ክር ጫፍ ላይ ያለችው ፕላስቲክ ናት። በኮዬ ጭቃ ቶሎ ትወልቃለች፤ ክሩ ይተረተርና ቀዳዳ አልገባም ይላል። ናይለን ከሆነ ጫፉን በክብሪት ለብለብ አድርጎ፣ በረድ ሲል በጣት ማሾል ነው። ጥጥ ከሆነ፣ ምራቅ።