ድንኳኑ አላለፈበትም

ስለ መገናኛው ድንኳን የተጻፈውን ጽሑፍ ሁለቴ አነበብኩት። ሙሴ በምድረ በዳ የተከለው ይህ ድንኳን የኦሪት ታሪክ ብቻ ነው፣ ለዛሬ ክርስቲያን የሚሰጠው ነገር የለም የሚለው ላይ ግን በፍጹም አልስማማም።

እኔ ያደግኩት ጎጃም ነው። ጣና ሐይቅ ላይ ያለችውን የዘጌ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ቤተ ክርስቲያንን የተሳለመ ሰው የምለው ይገባዋል። ሕንፃው ክብ ነው፣ የሙሴ ድንኳን ደግሞ ባለ ማዕዘን ነበር። ውስጡ ግን ያው ሦስት ነው፤ ቅኔ ማኅሌት፣ ቅድስት፣ መቅደስ። በኦሪትም አደባባይ፣ ቅድስት፣ ቅድስተ ቅዱሳን። አደባባዩ 100 ክንድ በ50 ክንድ ነበር። ወደ ውስጥ በተገባ ቁጥር ይጠባል። መጨረሻው ጋ የሚደርሰው ሊቀ ካህናቱ ብቻ ነበር፣ ያውም በዓመት አንዴ። ዛሬ ግን ከመጋረጃው ጀርባ ሥጋውና ደሙ ወደ እኛ ይወጣል። ሕፃን ሳይቀር ይቀበላል። ይሄ ትንሽ ነገር ነው እንዴ?

ደግሞ የጥምቀትን ዋዜማ፣ ከተራን አስቡት። እኛ ሰፈር ወንዙ ዳር ጎረምሶች ካስማ ሲመቱ፣ አያቴ ጠጋ ብላ የድንኳኑን ገመድ ትነካና እጇን ትስማለች። ታቦቱ እዚያ ያድራል። ካህናቱም ሕዝቡም አብረው ያድራሉ። ዮሐንስ ወንጌል 1፥14 ላይ «በእኛ አደረ» የሚለው ቃል በግሪኩ ድንኳን ተከለ ማለት ነው። ይህን ከማወቄ በፊት ግን አያቴ ብርዱን ችላ፣ ነጠላዋን ተከናንባ፣ ከድንኳኑ አጠገብ ስታነጋ አይቻለሁ።