ርካሽ ቅቤ ለምትፈልጉ ወገኖቼ

ወገኖቼ፣ ዛሬ ልቆጣችሁ ነው። ራሴንም ጨምሬ ነው የምቆጣው፤ አትቀየሙኝ።

ለፋሲካ ዋዜማ ቅቤ ልገዛ ወጣሁ። ቅዳሜ ከሰዓት ነበር። ሰው ይጋፋል፣ ዶሮ ይጮኻል፣ የሽንኩርት ልጣጭ መሬቱን ሸፍኖታል። ሦስት አራት ቦታ ዋጋ ጠየቅኩ። ሁሉም ጋ ኪሎው ከሺህ ብር በላይ ነው። አንድ ጥግ ላይ ግን አንድ ሰውዬ በግማሽ ያህል ቀንሶ ጠራልኝ። «ለጋ ነው ወንድሜ፣ ዛሬ ጠዋት ከገጠር የገባ» አለኝ። ሁለት ኪሎ አስመዘንኩ። ብልጥ ሆኜ ቤቴ ገባሁ።

እናቴ ትንሽ ቆርሳ ድስት ላይ ጣለችው። ቅቤው ቀለጠ። አልተንጣጣም፣ አረፋም አላወጣም። ጸጥ ብሎ እንደ ዘይት ቀለጠና ከታች የሚያር ጥቁር ነገር ያዘ። እናቴ ማማሰያውን አስቀምጣ አየችኝ።

«በስንት ገዛኸው ልጄ?»

ነገርኳት።

«እና ምን ጠብቀህ ነበር?»

ይኸው ነው ጥያቄው። እኔ መልስ አልነበረኝም። እናንተ ካላችሁ ንገሩኝ።

እስቲ አብረን እናስላ። በባህላዊ አናናጥ አንድ ኪሎ ቅቤ ለማውጣት ወደ 20 ሊትር ወተት ያስፈልጋል። የሐበሻ ላም ወተት ቅባቱ ደህና ነው፤ ከመቶ እጅ አምስት ገደማ ይሆናል። ላሟ ግን በቀን በአማካይ ከሁለት ሊትር በታች ነው የምትታለበው። ያውም ጥጃዋ ከጠባ በኋላ። እንግዲህ አንድ ኪሎ ቅቤ ማለት የአንዲት ላም የአሥር ቀንና ከዚያ በላይ ወተት ነው። የፈረንጅ ላም ብዙ ትሰጣለች፣ ወተቷ ግን ቀጠን ያለ ስለሆነ ለአንድ ኪሎ ቅቤ ተጨማሪ ሊትር ትጠይቃለች።

አሁን ሊትሩን በ50 ብር ብቻ አስቡት። ወተቱ ብቻውን 1000 ብር ሆነ። ከአሬራው የሚወጣው አይብ ተሽጦ የተወሰነ ይመልሳል፣ እሱን አልክድም። ግን ገና መኪና አልተጫነም። ከመንደር የሚሰበስበው አለ። ደላላው አለ። ጅምላ ነጋዴው አለ። ሾላ ወይም መርካቶ ላይ በሚዛን የሚሸጥላችሁ አለ። ሁሉም ትንሽ ትንሽ ይቆነጥራል። ይህን ሁሉ መንገድ ተጉዞ በ500 ብር እጃችሁ የሚገባ ቅቤ ከላም ሊመጣ አይችልም። ከሌላ ነገር ነው የመጣው።

ከምን? እናንተም በዜና ሰምታችኋል። ሙዝ ተፈጭቶ ይገባበታል። ሞራ ይገባበታል። ከውጭ የሚመጣ የረጋ የአትክልት ዘይት ይገባበታል። ውሃና አሬራ በደንብ ሳይወጣለት ለሚዛን እንዲከብድ የሚተውም አለ፤ ይህኛው ከሁሉ ለስላሳው ሌብነት ነው። በርበሬ ውስጥ የሸክላ ዱቄት፣ ጤፍ ውስጥ ጀሶ ከተባለ ወዲህ እኮ መደንገጥም ትተናል። «ኧረ ሁሉም እንደዛው ነው» እንላለን። ይህቺን አባባል ነው በጣም የምጠላት። ቀላቃዩን ሁሌም የምታሳድረው እሷ ናት።

አትሳሳቱ፣ ቅቤ ይወደዳል ብሎ ማማረር መብታችሁ ነው። እኔም አማርራለሁ። ግን ለምን እንደሚወደድ ማወቅ አለብን፤ አለዚያ የሚያታልለንን ሰው እንደ ደግ ሰው ማየት እንጀምራለን።

የቅቤ ገበያ የሚመራው በሣርና በጾም ነው። ክረምቱ ወጥቶ መስከረምና ጥቅምት ሲመጣ ሣር ሞልቷል፣ ላም ትታለባለች፣ ቅቤ ይበዛል። ከዚያ በጋው ይገባል። ሣሩ ይደርቃል፣ ወተቱ ይቀንሳል። ፋሲካ የሚመጣው ደግሞ ልክ ወተት ባነሰበት ወቅት ነው። ከፊቱ 55 ቀን ሁዳዴ አለ። በእነዚያ ቀናት ከተማው ቅቤ አይነካም፣ ወተትም ገዢ ያጣል። ገበሬው ምን ያድርግ? የማይሸጠውን ወተት ንጦ ቅቤ ያደርገዋል፤ ቅቤ ይቆያላ። ለጋ የነበረው መካከለኛ ይሆናል፣ መካከለኛው በሳል ይሆናል። ከዚያ በዋዜማው፣ በሁለትና ሦስት ቀን ውስጥ፣ ሚሊዮን ሰው ባንዴ «ለጋ፣ ለጋ» ብሎ ይወጣል። ለጋ ደግሞ በዚያ ሰሞን ብዙ የለም። አዲስ አበባ ለሸኖ ቅቤ ያላትን ፍቅር ታውቃላችሁ። ሸኖ አንዲት ትንሽ ከተማ ናት። በበዓል ሰሞን «የሸኖ» ተብሎ የሚሸጠውን ሁሉ የምታወጣ ቢሆን ኖሮ ከተማዋ ሙሉ በሙሉ ላም ብቻ ይኖርባት ነበር።

ሐሰተኛው ቅቤ የሚገባው በዚያች በሦስት ቀን ክፍተት ነው። ቀላቃዩ የኛን የዘመን አቆጣጠር ከኛ የበለጠ ያውቃል። ቅዳሜ ማታ ቸኩለን እንደምንመጣ ያውቃል። ቀምሰን፣ አሽትተን፣ አቅልጠን የምናይበት ጊዜ እንደሌለን ያውቃል። ሰኞ ተመልሰን እንደማንከሰውም ያውቃል።

ከዚህ በኋላም ይረክሳል ብላችሁ አትጠብቁ። የመኖ ዋጋ ሰማይ ነክቷል፤ ፋጉሎውም ፍሩሽካውም። መንገድ በተዘጋ ቁጥር ከጎጃምና ከወሎ የሚመጣው ይቋረጣል። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብሩ ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ከውጭ የሚገባ ነገር ሁሉ ጨምሯል፤ የጭነት መኪናው ጎማና መለዋወጫ ጭምር። ከተማው በየዓመቱ እየሰፋ ነው፣ የላሞቹ ወተት ግን እዚያው ነው። ወደ 70 ሚሊዮን የቀንድ ከብት አለን እንላለን፣ ከአፍሪካ አንደኛ ነን እንላለን። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ። በኅዳር 2015 ዓ.ም. የተጀመረው የሌማት ትሩፋት ወተቱን ያበዛዋል ተብሏል፤ ይሁንልን። እስከዚያው ግን የእውነት ቅቤ የእውነት ዋጋ አለው።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝን ልንገራችሁ። ቅቤ በገጠር የሴት ገንዘብ ነው። በሬው ሲሸጥ፣ እህሉ ሲሸጥ ብሩን የሚይዘው አባወራው ነው። ቅቤው ግን የእሷ ነው። ሌሊት ተነስታ የምትንጠው እሷ ናት። ቅሉን በወይራ የምታጥነው እሷ ናት። በኮባ ጠቅልላ ቅዳሜ ገበያ ይዛ የምትወርደውም እሷ ናት። በዚያች ብር ጨው ይገዛል፣ ደብተር ይገዛል፣ የልጅ ጫማ ይገዛል። አሁን ይቺ ሴት ከማን ጋር ነው የምትወዳደረው? ከመጋዘን ውስጥ በበርሜል የረጋ ዘይት ከሚያማስል ሰው ጋር። እሱ በግማሽ ዋጋ ያቀርባል። ሰብሳቢው ለእሷ «ከተማ ላይ ዋጋ ወርዷል እናቴ» ይላታል። እኛ ደግሞ ከተማ ተቀምጠን «ገበሬው አስወደደው» እንላለን። እፍረት አይሰማንም?

እናንተ ነጋዴዎች፣ ስለ እናንተም ላውራ። አብዛኞቻችሁ ቅቤ ቀላቃይ እንዳልሆናችሁ አውቃለሁ። ሾላ ላይ ከእናታቸው የወረሱትን ቦታ ይዘው፣ ደንበኛቸውን በስም እየጠሩ የሚሸጡ ሰዎች አሉ። ግን ከጎናችሁ ያለው ሰው ምን እንደሚሸጥ አታውቁም? ታውቃላችሁ። በጣታችሁ ነክታችሁ ታውቃላችሁ። እናቴ ድስት ላይ ያወቀችውን እናንተ በማሽተት ብቻ ታውቁታላችሁ። ዝም የምትሉት «የሰው እንጀራ አልዘጋም» ብላችሁ ነው። የእሱ እንጀራ እኮ በእናንተ ስም ላይ ነው የሚጋገረው። ነገ ሰው ገበያውን በሙሉ ሲጠረጥር መጀመሪያ የምትጎዱት እናንተ ናችሁ። በልኩ ተጽፎ «የአትክልት» ተብሎ የሚሸጥ ቅባት ጥፋት የለበትም፤ የፈለገ ይግዛው። ጥፋቱ ላም ያላየውን ነገር በኮባ ጠቅልሎ መሸጥ ነው።

ሕግ የለም እንዳትሉኝ። የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011 ምግብን ከባዕድ ነገር ጋር መቀላቀልን ይከለክላል። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ስለምትገዙት ዕቃ ትክክለኛ መረጃ የማግኘት መብት ሰጥቷችኋል። ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤትም አለ። ግን ተቆጣጣሪ በየጉሊቱ አይቆምም። እኔ ያን ሁለት ኪሎ ይዤ የሄድኩት የት ነው? የትም። ቆሻሻ ላይ ደፋሁትና ለጎረቤት አወራሁ። ደረሰኝ አልነበረኝም፣ የሻጩን ስም አላውቅም፣ ሰኞ ብመለስ ጥጉ ባዶ እንደሚሆን አውቅ ነበር። እንዲህ ዓይነት ገዢ ለቀላቃይ ሲሳይ ነው።

በቤት ውስጥ ፍተሻ ብዙም አትመኩ። ቢጫ ስለሆነ ደህና ነው አይባልም፤ ላሟ አረንጓዴ ሣር ስትበላ ቅቤው ይቢጫል፣ በበጋ ይነጣል፣ ቀለም ደግሞ ይጨመራል። ድንች ተቀላቅሎበት ከሆነ የአዮዲን ጠብታ ወደ ሰማያዊና ጥቁር ይለውጠዋል፣ ይህ ይሠራል። ሲነጠር መንጣጣቱ፣ አረፋው፣ ሽታው፣ ከታች የሚቀረው ዝቃጭ ብዙ ይናገራሉ። ግን በትንሹ የተቀላቀለ የረጋ ዘይትን የሚያጋልጠው ላቦራቶሪ ብቻ ነው። ስለዚህ ዓይናችሁን ከምታምኑ ሰውን እመኑ። የታወቀ ሻጭ ያዙ። ዓመቱን ሙሉ ከእሱ ግዙ። ስሙን እወቁ፣ እሱም የእናንተን ይወቅ።

እናንተ ከአገር ውጭ ያላችሁትም አታመልጡኝም። «ለበዓል ቅቤ ግዙበት» ብላችሁ ብር ትልካላችሁ፣ እግዜር ይስጥልን። ከዚያ ደግሞ «ለሚመጣ ሰው አምስት ኪሎ ንጥር ስጡልኝ» ትላላችሁ፤ ያውም በሁለት ቀን ውስጥ። እህታችሁ ሮጣ ያገኘችውን ትገዛለች። ያንን ነው ኮሰረትና ኮረሪማ አልብሳ የምትልክላችሁ። ቅመም ብዙ ኃጢአት ይሸፍናል። ወደ አውሮፓ ኅብረት አገሮች ከሆነ ደግሞ ከውጭ የሚመጣ ተጓዥ የወተት ውጤት በሻንጣው ይዞ እንዲገባ አይፈቀድለትም፤ ኤርፖርት ላይ ይጣላል። ብዙዎቻችሁ እዚያው ጨው የሌለበት ቅቤ ገዝታችሁ ከዚህ በሄደ ኮሰረት ታነጥራላችሁ። እሱ ይሻላል፣ አትፈሩበት። ቅመሙን ግን ከታመነ ሰው አስልኩ።

በዚህ ላይ አንድ ቁጭት አለኝ። ህንዶች «ጊ» የሚሉት ንጥር ቅቤ ዓለም ዞሮ በሱፐርማርኬት ይሸጣል። እነሱ የእርሻ ምርትን በደረጃ የሚለይ ሕግ ያወጡት በ1937 እ.ኤ.አ. ነው። ዛሬ በጊ ቆርቆሮ ላይ አግማርክ የሚል ምልክት ታያላችሁ። እዚያም ቀላቃይ ሞልቷል፣ ቅዱሳን አይደሉም። ግን ገዢው የሚጠይቀው ምልክት አለው። የኛ ንጥር ቅቤ ከጊ በጣዕም ያንሳል? በኮሰረት፣ በኮረሪማ፣ በበሶብላ የተነጠረ ቅቤ! በዋሽንግተንም በዱባይም በቴል አቪቭም ገዢው ተሰልፎ ይጠብቃል። ነገር ግን ሾላ ላይ እውነተኛነቱን ማስመስከር ያልቻለ ቅቤ የሌላ አገር ጉምሩክ ፊት ምን ብሎ ይቆማል? አንድ ሐቀኛ ነጋዴ አሽጎ፣ አስመርምሮ፣ ስሙን ለጥፎ ቢወጣ ዋጋው ከፍ ይላል። ያኔ እኛ «ተወደደ» ብለን ወደ ጥጉ ሰውዬ እንሄዳለን። ይህንን አይቼዋለሁ፣ አድርጌዋለሁም።

ስለዚህ ተቆጥቼ የምለምናችሁ ይህን ነው። ቅቤ በዋዜማ አትግዙ። በጥቅምት ግዙ፣ ኅዳር ሳይጋመስ። ካልሆነም በሁዳዴ መሃል፣ ሰው ሁሉ በራቀው ጊዜ ግዙ። አንጥራችሁ አስቀምጡት፤ ንጥር ቅቤ በደንብ ከተከደነ ወራት ይቆያል። አቅም ከሌለ በኪሎ ፈንታ በሩብ ግዙ። ዶሮው በአንድ ማንኪያ የእውነት ቅቤ ያምራል፣ በሦስት ማንኪያ የረጋ ዘይት ግን አያምርም። ለገንፎም፣ ለክትፎም፣ ለጸጉራችሁም ያው ነው።

እኔ ዘንድሮ ከአንዲት እናት ደንበኛ ሆኛለሁ። ባለፈው በጾሙ መሃል ሄድኩ። ገበያው ጭር ብሎ ቆሎ እየቆረጠሙ ነበር። «ምነው ልጄ፣ ጾም እኮ ነው» አሉኝ። ለማንጠር ነው አልኳቸው። ዋጋውን ጠሩ፤ አልተከራከርኩም። ሚዛኑ ላይ ግማሽ ኪሎ አስቀመጡ። ከዚያ በማንኪያ ጫፍ ጨምረው መረቁልኝና «ስታነጥረው ከጮኸ አትደንግጥ፣ ውሃው ነው» አሉኝ።

ማታ ድስቱ ሲንጣጣ እናቴ ከሳሎን ሆና «ይሄ ደግሞ ከየት ነው?» አለች።