የአያት ቀሚስ በልቦለድ ሳጥን ውስጥ

ስለ ሆሎኮስት፣ ማለትም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ናዚዎች በአይሁዳውያን ላይ ስለፈጸሙት ጅምላ ጭፍጨፋ፣ የሚጻፉ ልቦለዶችን አነባለሁ፤ እወዳቸዋለሁም። ብዙዎቹ ግን አንድ መንገድ ለምደዋል። የልጅ ልጅ የአያቷን ሳጥን ትከፍታለች። ውስጡ የሐር ቀሚስና አንድ የኖታ ወረቀት አለ። ቀሚሱን ስትለብስ፣ ዜማውን ስትሰማ የተደበቀው ታሪክ ይገለጥላታል። እኛም አልቅሰን፣ ቀለል ብሎን መጽሐፉን እንዘጋለን።

እኔን የሚከነክነኝ ቀለል ማለቱ ነው።

ሙዚቃውን እንየው። ናዚዎች በያዟት ፖላንድ በነበረው የእስረኞችና የግድያ ካምፕ በአውሽዊትዝ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1943 የሴቶች ኦርኬስትራ ተቋቁሞ ነበር። ስሙን ያስጠራችው መሪው አልማ ሮዜ ናት፤ የቪየና ቫዮሊን ተጫዋች፣ የአቀናባሪው የጉስታቭ ማህለር የእህት ልጅ። እስረኞች ጠዋት ለጉልበት ሥራ ሲወጡ፣ ማታ እየተጎተቱ ሲመለሱ ኦርኬስትራው በሩ ላይ ማርሽ፣ ማለትም የሰልፍ ሙዚቃ፣ ይጫወት ነበር። እርምጃቸው እንዲገጥም፣ ለቆጠራም እንዲመቹ። ያው ሙዚቃ ግን ሕይወት አትርፏል። ያኔ ገና ወጣት የነበሩት አኒታ ላስከር-ቫልፊሽ የዳኑት ቼሎ መጫወት በመቻላቸው ነው። አልማ እዚያው በ1944 ሞተች። ታዲያ ይህን ሙዚቃ ማጽናኛ ብቻ አድርጎ መጻፍ እንዴት ይቻላል? ለአንዷ እንጀራ ነበር፤ በፊቷ ለምታልፈው ደግሞ ስቃይ።

ልብሱም እንደዚያው ነው። የካምፑ አዛዥ ሚስት ሄድቪግ ሆስ እዚያው የስፌት ክፍል አቋቁማ ነበር። አብዛኞቹ አይሁዳውያን የሆኑ እስረኛ ሴቶች ለናዚ መኮንኖች ሚስቶች ዘመናዊ ቀሚስ ይሰፉ ነበር። ጨርቁ ብዙ ጊዜ የሚመጣው ከእስረኞችና ከተገደሉ ሰዎች ሻንጣ ነው። ስለዚህ በልቦለድ ውስጥ ያማረ የዚያ ዘመን ቀሚስ ሳገኝ መጀመሪያ የማን ነበር እላለሁ። ጸሐፊውም ይህን እንዲጠይቅ እፈልጋለሁ።

የሶቪየት ጦር በጥር 1945 ካምፑን ሲይዝ ከ800 ሺህ በላይ የሴት ልብስ አገኘ። ይህን ቁጥር ማን በልቡ ይይዘዋል? እኔ አልቻልኩም። አንዲት ትንሽ ሹራብ ግን ከአእምሮዬ አትወጣም። አረንጓዴ ናት። ለአይሁዳዊቷ ልጅ ለክሪስቲና ቺገር የሠራችላት አያቷ ናት። ልጅቷ ከቤተሰቧ ጋር ዛሬ ዩክሬን ውስጥ ባለችው በልቮቭ (ልቪቭ) ከተማ የፍሳሽ መውረጃ ውስጥ ለ14 ወራት ያህል ስትደበቅ ይህችን ሹራብ ለብሳ ነበር። ጨለማው፣ አይጡ፣ እርጥበቱ ሁሉ አልፎባታል። ሹራቧ አሁን ዋሽንግተን በሚገኘው የሆሎኮስት መታሰቢያ ሙዚየም ውስጥ ተቀምጣለች። ሐር አይደለችም፤ የልጅ ልክ የሆነች የክር ሥራ ናት።