የሥነ ምግባር ዘበኞቻችን ይኑሩልን

በየካ አባዶ ኮንዶሚኒየም ሰሞኑን አንድ የምሥራች ይዞራል፦ «ልጅቷ ታረመች»። ጓደኛሞች ከኪሳቸው አዋጥተው በሠሯቸው ሁለት ፊልሞች ላይ ደፈር ያሉ ሚናዎችን ተጫውታ የነበረችው ወጣት፣ ሦስተኛውን ሳትጀምር ትወናን እርግፍ አድርጋ ትታ መዋቢያ መሸጫ ሱቅ ተቀጥራለች። የጥበብ ዘመኗን እንዲህ ላሳጠሩላት የሥነ ምግባር ዘበኞቻችን ምስጋና ሳናቀርብ ብንቀር ውለታ ቢስ እንባላለን።

ከሁሉም የሚያስደንቀው ትጋታቸው ነው። የድሮዎቹ አባቶቻችን የአዲስ አበባን የመጀመሪያ ሲኒማ ቤት «ሰይጣን ቤት» ብለው ሰየሙት፤ የፈሩትም በሩቁ አለፉት። የዛሬዎቹ ግን ሰይጣንን ሳይመረምሩ ማውገዝ ኃላፊነት የጎደለው ሥራ መሆኑን ስለሚያውቁ ፊልሙን ከመነሻው እስከ መድረሻው ያዩታል።

ከሕንጻችን የኮሚቴ አባላት አንዱን ልጥቀስ። እኚህ አባወራ ፊልሙን በመጀመሪያው ሌሊት ያዩት ወሬውን ለማጣራት ነው፤ በሁለተኛው፣ በሰው ላይ ያለ በቂ ማስረጃ ላለመፍረድ፤ በሦስተኛው ደግሞ ያመለጣቸው ኃጢአት እንዳይኖር። ባለቤታቸውን ላለማስቀየም ሲሉ የጆሮ ማዳመጫ ሰክተው ደረጃው ላይ ቁጭ ብለው፣ በብርድ፣ ምስሉን እያቆሙና ወደ ኋላ እየመለሱ፣ የነውሩን ደቂቃና ሰከንድ በማስታወሻ መዘገቡ። ከዚያም የተበላሸውን የውሃ ፓምፕ ለማስጠገን በተጠራው ስብሰባ ላይ ምዝገባቸውን በንባብ አሰሙ። «እኛ አላየነውም» ያሉ ስለነበሩ፣ ለውይይቱ ጥራት ሲባል ፊልሙን የሕንጻው ልጆች ጭምር ባሉበት የቴሌግራም ቡድን ላይ ለቀቁት፤ ከሥሩም «ልጆች እንዳያዩት» የሚል ጥብቅ ማሳሰቢያ አኖሩ። አንድ ሌላ አባወራ ምስሉ እንደሚደበዝዝ ቅሬታ ቢያቀርቡ፣ ሰውየው ሳይሰለቹ ጥራት ያለውን ቅጂ ፈልገው አመጡላቸው። ፓምፑ አልተሠራም። እኛም እስከ አራተኛ ፎቅ ጄሪካን እየተሸከምን በንጹሕ ኅሊና እንኖራለን።

በዚያው ትዕይንት ውስጥ አብሯት የነበረው ወንድ ተዋናይስ? እሱማ የተከበረ የሠርግ መድረክ መሪ ሆኗል፤ የእኚሁ የኮሚቴ አባል ልጅ ስትዳርም መድረኩን የመራው እሱ ነው። እሷን ግን አከራይዋ ዕቃዋን በረንዳ ላይ አውጥታባታለች፤ እናቷም ከጎረቤት ቡና መጠራት ቀርቶባቸዋል። እዚህ ላይ መቀለድ አልችልም። አንድን ሥራ ሁለት ሰዎች እኩል ሠርተውት አንደኛውን አጨብጭቦ ሁለተኛዋን ከቤት ማስወጣት ጨዋነት አይደለም፤ ጭካኔ ነው፣ ፈሪነትም ነው።

ይህ ሙያ በእኛ ሰፈር እንዳልተፈለሰፈ ግን ልመሰክር ይገባል። ፈረንሳዊቷ ተዋናይት ማሪያ ሽናይደር እ.ኤ.አ. በ1972 የወጣውን «የመጨረሻው ታንጎ በፓሪስ» የተባለውን ፊልም ስትሠራ ዕድሜዋ 19 ነበር፤ አብሯት የተወነው ዝነኛ ደግሞ 48 ገደማ። ዳይሬክተሩና ዝነኛው የአንዱን አስነዋሪ ትዕይንት ዝርዝር በዚያው ቀን ጠዋት ተመካክረው ከእርሷ ደበቁት፤ በፊልሙ ላይ የሚታየው እንባዋ እውነተኛ እንደነበር እርሷው በ2007 ተናግራለች፤ ዳይሬክተሩም ስሜቷን እንደ ተዋናይት ሳይሆን እንደ ልጃገረድ ለማግኘት ፈልጎ እንዳልነገራት በ2013 አምኗል። እርሷ ግን በ2011 አርፋ ስለነበር ኑዛዜው አልደረሳትም። ለሁለቱ ወንዶች የኦስካር ዕጩነት ተቸራቸው፤ ለእርሷ የደረሳት ዕድሜ ልኳን በዚያ ትዕይንት መጠራት ነው። የጣልያን ፍርድ ቤት በ1976 የፊልሙ ቅጂዎች እንዲወድሙ አዘዘ። የእኛዎቹ ከዚህ የበለጠ ቆጣቢዎች ናቸው፤ ተዋናይቷን አጥፍተው ቅጂውን በስልካቸው ያኖሩታል።

ባለፈው እሑድ ደግሞ እኚያው የኮሚቴ አባል፣ የአገራችን ፊልም ዘወትር አንድ ዓይነት የፍቅር ታሪክ እየደጋገመ እንዳሰለቻቸውና የሚደፍር ተዋናይ እንደጠፋ፣ ከልብ በመነጨ ቁጭት ሲያስረዱን አመሹ።