የሃኖቨር ከንቲባ ሪጅኑን አይመራም

ስለ ጀርመኗ ከተማ ሃኖቨር ሲነገር «ሃኖቨር በ2001 ጎረቤቶቿን ጠቀለለች፤ አሁን ሁሉንም የሚያዘው ከንቲባዋ ነው» የሚለው የተለመደ ስህተት ነው። እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 1 ቀን 2001 የተዋሐዱት ከተሞቹ ሳይሆኑ የሃኖቨር ወረዳና የአካባቢው አስተዳደሮች የጋራ ማኅበር ናቸው። የተወለደው የሃኖቨር ሪጅን (ከማዘጋጃ ቤቶች በላይ ያለ የወረዳ ደረጃ አስተዳደር) 21 ማዘጋጃ ቤቶች አሉት፤ የታችኛው ሳክሶኒ ክፍለ ግዛት ዋና ከተማ ሃኖቨርም አንዷ ናት። እያንዳንዱ ማዘጋጃ ቤት የራሱ ከንቲባ፣ ምክር ቤትና በጀት አለው።

የሪጅኑን ፕሬዚዳንት ሕዝቡ በቀጥታ ይመርጣል። የአውቶቡስና የባቡር አገልግሎት ዕቅድ፣ ቆሻሻ ማስወገድና የሙያ ትምህርት ቤቶች የሪጅኑ ናቸው፤ ወጪውንም በከፊል ከማዘጋጃ ቤቶቹ በሚሰበስበው መዋጮ ይሸፍናል (ጭቅጭቁም ከዚሁ ይነሳል)። የቦታ አጠቃቀም ፕላንና እሳት አደጋ ግን የየማዘጋጃ ቤቱ ሥራ ነው።

ግራ የሚያጋባው እንደ ወጣቶች ጽሕፈት ቤት (ለልጆችና ለቤተሰብ ድጋፍ የሚሰጥ ቢሮ) ያለው ነው፤ ሃኖቨርና ጥቂት ከተሞች የራሳቸው አላቸው፣ ለሌሎቹ ሪጅኑ ይሠራል። ስለዚህ ማመልከቻ ከመላክዎ በፊት የሚኖሩበትን ማዘጋጃ ቤት ይጠይቁ።